የጎረቤቴ ቀለብ

ጄኔቭ በገባሁ በሁለተኛው ዓመት አማርኛ የማወራው ሰው አጣሁ። ሐበሻ ጠፍቶ አልነበረም። የምኖርበት የፓኪ ሰፈር ከባቡር ጣቢያው ጀርባ ነው፤ ቅዳሜ ከሰዓት በርካሾቹ ካፌዎች በኩል ያለፈ ሰው አራት አምስት ያገር ልጅ አያጣም ነበር። ግን ጊዜው የደርግ ጊዜ ነው። አዲስ አበባ ሰው ይገደላል፤ እኛም እዚህ ሆነን እርስ በርስ እንፈራራለን። አንዱ የኤምባሲው ጆሮ ነው ይባላል፤ ሌላው የእንትን ድርጅት ሰው ነው ይባላል። "ወንድምህ እንዴት ነው?" ብሎ የጠየቀህ ሰው ለምን እንደጠየቀህ አታውቅም። እኔ ደግሞ የታሰረ ወንድም ነበረኝ። ካፌ መሄዱን ተውኩት።

የምሠራው በአንድ ዓለም አቀፍ መሥሪያ ቤት ምድር ቤት፣ ሰነድ በሚባዛበት ክፍል ነበር። ማሽኑ ስለሚጮህ እዚያ ወሬ የለም። ከሥራ ወጥቼ ዳቦ ገዝቼ ቤቴ እገባለሁ። አንዳንዱ ቀን ከ"ቦንዡር" ሌላ ቃል ከአፌ ሳይወጣ ይመሽ ነበር።

አንድ ቀን ደረጃው ላይ ሳሪ የለበሰች፣ ከላይዋ የወንድ የሚመስል ወፍራም ካፖርት የደረበች ሴት አገኘሁ። ሊፍቱ ተበላሽቶ የገዛችውን ዕቃ እየጎተተች ትወጣለች። ላግዝሽ ብዬ በፈረንሳይኛ ስጠይቃት አንገቴን ትኩር ብላ አየች።

"ጤና ይስጥልኝ" አለችኝ።

የሰማሁትን ማመን አቃተኝ። ከረጢቷን ይዤ እንደቆምኩ ቀረሁ።

"ማተብህን አይቼ ነው። አባቴ ጅማ የሂሳብ አስተማሪ ነበር። ከአራት ዓመቴ እስከ አሥራ ስድስት ዓመቴ ያደግሁት እዚያ ነው" አለች። ከዚያ እንደ መሳቅ ብላ "አማርኛዬ ዝጎ ይሆናል፤ አትታዘበኝ" አለችኝ።

አልዛገም ነበር። እንዲያውም የልጅ አማርኛ ነበር፤ የሜዳና የትምህርት ቤት ግቢ አማርኛ። "እኮ!" ትላለች፤ "በእናትህ!" ትላለች። ከእኔ አንድ ፎቅ በላይ፣ ልክ ከራሴ በላይ ነበር የምትኖረው። ስንት ወር ሙሉ የእግሯን ኮቴ ስሰማ የሰው አልመሰለኝም፤ የቤቱ ድምፅ ይመስለኝ ነበር።

ከዚያ በኋላ ቅዳሜ ቅዳሜ ሻይ እንጠጣ ጀመር። እኔ "እህቴ" እላታለሁ፤ እሷ "ወንድሜ" ትለኛለች። ሂንዱ ስለሆነች ሥጋ አትበላም። መጀመሪያ ያቀረበችልኝ ምስር ነበርና "ጾም ላይ ነሽ እንዴ?" ብላት "እኛ ዓመቱን ሙሉ ሁዳዴ ነን" ብላ አሳቀችኝ። ሌላ ያልነገርኩህ ነገር አለ፦ እሷን አልፈራትም ነበር። በዚያ ከተማ አማርኛ እያወራሁ ዞር ብዬ በሩን የማላየው እሷ ጋ ብቻ ነበር። ስለ ወንድሜ የነገርኳትም ለዚህ ነው።

ስለ ባሏ ግን ብዙ ጊዜ አታወራም ነበር። መሐንዲስ ነው። ድርጅቱ ዙሪክ፣ ኦርሊኮን ወዳለ የማሽን ፋብሪካ አዛውሮታል። "ቤት አግኝቼ እስክጠራሽ ቆዪ" ብሏት ሄደ። በመጀመሪያዎቹ ወራት ቅዳሜና እሁድ ይመጣ ነበር፤ ከዚያ በወር አንዴ፤ ከዚያ ስልክ ብቻ፤ ከዚያ ስልኩም ቀረ። የቤቷን ኪራይ በቀጥታ ለአከራዩ ይከፍላል። ለእሷ የሚልከው ግን እየሳሳ ሄዶ ቆመ። የእሷ ፔርሚ፣ ማለት የመኖሪያ ፈቃዷ፣ የባለትዳር ስለሆነ ሥራ መግባት አይፈቅድላትም። ይህን ሁሉ ያወቅሁት ከእሷ አንደበት አይደለም፤ ቅዳሜ ሻዩ ያለ ስኳር መቅረብ ሲጀምር ነው። በሚቀጥለው ቅዳሜ ሩዝ፣ ምስር፣ ዳቦና ስኳር ይዤ ወጣሁ። እሷም ተቀበለችኝ።

የክሱ መጥሪያ የመጣው በመከር ላይ ነበር። ባሏ አገሩ ለዕረፍት ሄዶ ሳለ፣ በተጋቡበት ከተማ ለፍርድ ቤት የፍቺ ክስ አስገብቶ ነበር። ምክንያቱ ምን ይላል? "ጥላኝ ቀርታለች።"

ወረቀቱን ጠረጴዛው ላይ አስቀምጣ በመዳፏ እያሻሸች፣ "እኔ እዚህ፣ እሱ በተከራየው ቤት ተቀምጬ ነው ጥዬው የሄድኩት?" አለች።

"ቀርበሽ ካልተከራከርሽስ?"

"እሱ ያለውን ብቻ ሰምተው ይፈርዳሉ።"

"በምን ትሄጃለሽ? ጠበቃውስ በምን ይቆማል?"

ፊቷን ቀና አድርጋ አየችኝ። "በእሱ ገንዘብ" አለች።

አባቷ ሞቷል፤ ግን አገር ቤት ያለው አጎቷ ጠበቃ አግኝቶላት ነበር። ጠበቃዋ ያስረዷትን ነው ለእኔ በልጅ አማርኛዋ የተረጎመችልኝ። በሂንዱ ጋብቻ ሕጋቸው፣ ክርክሩ እስኪያልቅ ድረስ፣ የራሱ ገቢ የሌለው ወገን መኖሪያ ቀለብና የክርክሩን ወጪ ሌላው ወገን እንዲሸፍንለት ዳኛውን መጠየቅ ይችላል። ሚስትም ብትሆን ባልም ቢሆን። ማን ጥፋተኛ እንደሆነ ገና አይታይም፤ እሱ የኋላ ነገር ነው።

"ተርቤ እንዳልሸነፍ ነው፤ ገባህ?" አለችኝ። "ይፍረዱብኝ፤ ግን ሰምተውኝ ይፍረዱ። ስሜ ሲጠራ አቤት ማለት እፈልጋለሁ።"

ማመልከቻዋ ገባ። እኛም መጠበቅ ጀመርን። እኔ ቅዳሜ ቅዳሜ ከረጢቴን ይዤ መውጣቴን ቀጠልኩ።

በአንዱ ቅዳሜ የኩሽናዋ ቧንቧ ያንጠባጥብ ነበርና ከሥር ተንበርክኬ እያጠበቅሁ፣ እሷ ከላይ ስለ ጅማ የምታወራው ነገር ሁለታችንንም በሳቅ እየገደለን ሳለ፣ በሩ በቁልፍ ተከፈተ። ባሏ ነው። ፀጉሩ ከጆሮው በላይ የሸበተ፣ ከጠበቅሁት በላይ የደከመ ሰው። የክረምት ልብሱን ሊወስድ መጥቶ ነበር። ሳቃችን ኮሪደሩ ድረስ ሳይሰማው አልቀረም።

"አንተ ማነህ?" አለኝ በእንግሊዝኛ።

"ጎረቤት ነኝ፤ ከታች።"

"የምታወሩት ቋንቋ ምንድን ነው?"

እሷ ነገረችው። ሚስቱ አማርኛ እንደምታውቅ ያውቅ ነበር፤ ስትናገረው ግን ሰምቷት አያውቅም። ዓይኑ ጠረጴዛው ላይ ወዳለው ከረጢት ሄደ። ዳቦውንና የሩዙን ከረጢት አየ።

"ይህን የምታመጣው አንተ ነህ?"

"አዎ" አልኩት። ኮራ ብዬ ነው ያልኩት፤ እሱ ይፈር ብዬ።

አላፈረም። ልብሱን ከቁም ሣጥን አውጥቶ፣ እጥፍ አድርጎ ሻንጣው ውስጥ ከትቶ፣ ቁልፉን ኪሱ ከቶ ወጣ። እሷ በሩን ከዘጋች በኋላ "ካፖርቱን ረሳው" አለች። ደረጃው ላይ ያየሁት ያ ወፍራም ካፖርት የእሱ ነበር ለካ።

የባሏ መልስ ለፍርድ ቤቱ የገባው ብዙም ሳይቆይ ነው። ቀለብ አያስፈልጋትም ይላል። ምክንያቱም ጄኔቭ ውስጥ አንድ ኢትዮጵያዊ ወንድ ይቀልባታል፤ ሰውየውም በራሱ አንደበት አምኗል፤ በምን ግንኙነት እንደሚቀልባት ፍርድ ቤቱ ይገምት።

ወረቀቱን በእንግሊዝኛ አንብባ ስትጨርስ እኔ ተነሥቼ ቆሜ ነበር። ጆሮዬ ነደደ።

"ተቀመጥ" አለችኝ።

"ዳቦ እኮ ነው! በእናትሽ፣ ዳቦ!"

"አውቃለሁ።" ወረቀቱን ቀስ ብላ አጠፈችው። "ጠበቃዬ ሁለት ነገር ይላሉ። አንደኛው፣ እንደማትጦረኝና በመካከላችን ምንም እንደሌለ በሹም ፊት ምለህ እንድትጽፍልኝ ነው።"

"ነገውኑ!"

"ሁለተኛው…" ብላ ቆመች። ዓይኖቿን ወደ መስኮቱ አዞረች። "ዳኛው እስኪወስኑ ድረስ ይህን በር እንዳታልፍ። ምንም ነገር እንዳታመጣ። እሱ የላከው መርማሪ ሊኖር ይችላል ይላሉ።"

ምን ያህል ጊዜ እንደሚፈጅ ጠየቅኋት። ወራት ነው አለችኝ። ሻዬን ጨርሼ፣ ብርጭቆዋን አጥቤ አስቀምጬ፣ ደህና ሁኚ ብዬ ወረድኩ።

ኖተሩ፣ ማለት መሐላ የሚቀበለው ሹም፣ ያን ዓይነት ጉዳይ የለመደ ሽማግሌ ነበር። ቃሌን በእንግሊዝኛ አስተካክሎ ሊጽፍ እየጠየቀ ብዕሩን አዘጋጀ።

"ሴትየዋ ምንዎ ናት?"

"እህቴ…" ብዬ ጀመርኩ።

"እህትዎ?"

"አይ፤ እንዲያው በአገራችን እንላለን። የምናከብራትን ሴት።"

"እሱ አይጻፍም" አለ። "ጎረቤት ልበል?"

"ጎረቤት ይበሉ።"

ጻፈ። ከዚያ ከፍ ባለ ድምፅ አነበበልኝ፦ ከዚህች ሴት ጋር ከጉርብትና በቀር ምንም ግንኙነት የለኝም፤ ኖሮኝም አያውቅም፤ በቋሚነት የምረዳት ሰው አይደለሁም።

"እውነት ነው?" አለኝ።

"እውነት ነው" አልኩ። ፈረምኩ።

እውነት ነበር። እጇን እንኳ ለሰላምታ ካልሆነ ነክቼ አላውቅም። ግን ወደ ሐይቁ ስወርድ፣ ቢዝ የሚሉት ያ የሰሜን ነፋስ ፊቴን ሲገርፈኝ፣ ደረቴ ውስጥ የሆነ ነገር ተቀደደ። ሰው የሌለውን ነገር የለኝም ብሎ ሲምል ምን ይጎድልበታል? ምንም ሊጎድልብኝ አይገባም ነበር። ጎደለብኝ። አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀምጬ ጀልባዎቹ ታስረው ሲናጡ አየሁ። እስከዚያ ቀን ድረስ ራሴን ጠይቄው የማላውቀውን ነገር ያ ሽማግሌ ጠየቀኝ፤ እኔም የለም ብዬ መለስኩ፤ ሲመልስ የሰማሁት የራሴ ድምፅ ነው ነገሩን የነገረኝ።

ያ ክረምት ረጅም ነበር። እሷ ከላይ፣ እኔ ከታች። ደረጃ ላይ ከተገናኘን "ቦንዡር መሲዬ" ትለኛለች፤ እኔም "ቦንዡር ማዳም" ብዬ ወደ ግድግዳው ጠጋ እልላታለሁ። የኮቴዋን ድምፅ ግን እሰማለሁ። ከአልጋዋ ወደ ኩሽና፣ ከኩሽና ወደ መስኮት። የምትበላው ነገር እንዳላት የማውቀው በኮቴዋ ነበር፤ ኩሽና ውስጥ ብዙ ከቆየች ደስ ይለኛል።

አንድ ሰሞን ኮቴው ኩሽና መድረሱን ተወ። ያኔ ወደ ኮንሲየርዣችን፣ ወደ ሕንፃው ጠባቂ፣ ሄድኩ። የስፔን ሴት ናት፤ ባሏ የሞተባት፤ ጥቁር ከልብሷ የማይለይ። ሁሉንም ነገር ዘርግፌ ልነግራት ስጀምር እጇን አነሣች።

"ሾርባ እንድወስድላት ነው? ይህን ለማለት ይህን ያህል ታሪክ ያስፈልጋል?"

"ከእኔ መሆኑን…"

"ከእኔ ነው። እኔ ነኝ የምቀቅለው" አለች። የምትገዛበትን ልሰጣት ብል ተቆጣችኝ። በማግስቱ ሾርባው እንዳለ ተመልሶ መጣባት፤ የአሳማ ቋሊማ ከትታበት ነበር። "ያለ ሥጋ ሾርባ ምኑ ሾርባ ነው!" ብላ አጉረመረመች እንጂ ከዚያ በኋላ ሽምብራና ጎመን ብቻ ትሠራ ነበር።

የወንድሜን መርዶ የሰማሁት በዚያው ክረምት ነው። እሑድ ቀን፣ ከሰዓት በኋላ። ሮም የምትኖር የአክስቴ ልጅ በኮንሲየርዧ ስልክ ደወለችልኝ። "በርታ" አለችኝ መጀመሪያ፤ ያኔ ገባኝ። እስር ቤት ውስጥ ሳይሆን፣ ከእስር ቤት አውጥተው ነው የገደሉት። አስከሬኑ የት እንዳለ አይታወቅም።

ቤቴ ገባሁና ወለሉ ላይ ተቀመጥኩ። አገር ቤት ቢሆን ድንኳን ይተከል ነበር፤ ጎረቤት ይሞላ ነበር፤ ማንም ሰው ብቻውን እንዲያለቅስ አይተዉም። እኔ ትራስ አፌ ላይ አድርጌ አለቀስኩ፤ የግድግዳው ወዲያ ማዶ ሰው እንዳይሰማ። ለማን እነግራለሁ? ካፌ ላሉት? ከመካከላቸው ማን ደስ እንደሚለው አላውቅም።

ከዚያ ከላይ ኮቴዋን ሰማሁ። ከኩሽናው ተነሥታ መጣች፤ ልክ ከራሴ በላይ ስትደርስ ቆመች። በሩ ይከፈት ይሆን ብዬ ጠበቅሁ። አልተከፈተም። ወለሉ ላይ የሆነ ነገር ሲያርፍ ሰማሁ። እስኪጨልም ድረስ ኮቴ አልነበረም። በማግስቱ ከሥራ ስመለስም እንደዚያው፤ እንደገባሁ ወደዚያችው ቦታ መጣች፤ አረፈች። በሦስተኛውም ቀን።

የዳኛው ትእዛዝ የመጣው በረዶው ሲቀልጥ ነው። በየወሩ ቀለብ፣ ለጠበቃዋ አበል፣ ለመጓጓዣዋም የአውሮፕላን ቲኬት እንዲከፍል ታዘዘ። ባሏ ወዲያው አልከፈለም፤ ይግባኝ አለ፤ ይቆይልኝ አለ። ዳኛውም "ያዘዝኩትን ሳትፈጽም የአንተን ክስ አልሰማም" ብለው ፋይሉን አቆሙበት። ይህን የነገረችኝ ኮንሲየርዧ ናት፤ እሷ ነግራት፤ በሦስት ቋንቋ ተደበላልቆ፤ በመጨረሻ "ሰውየው ከፈለ!" ስትል ግን በሁሉም ቋንቋ ግልጽ ነበር።

ከመሄዷ በፊት በነበረው ቀን በሬን አንኳኳች። ካፖርቱን አልለበሰችም ነበር። ገብታ፣ እስከዚያ ቀን አይታው የማታውቀውን ቤቴን ዞር ዞር ብላ አየችና ጣሪያውን ተመለከተች።

"እዚህ ነው የምትቀመጠው?"

"እዚህ።"

"ልክ ነበርኩ ማለት ነው" አለች። "ለቅሶ መድረስ አልቻልኩም። ኮንሲየርዧ ስትነግረኝ መውረድ ፈልጌ ነበር፤ ጫማዬን ሁሉ አድርጌ ነበር። ጅማ አንድ ጎረቤታችን ሲሞት እናቴ ሦስት ቀን ወለል ላይ ተቀምጣላቸዋለች፤ ቋንቋው ሳይገባት። እኔም ተቀመጥኩልህ።"

"ሰምቼሻለሁ" አልኳት።

ሻይ አፈላሁ። ብዙ አላወራንም። ልትወጣ ስትል በሩን ይዛ፣ "ያን ቀን ምን ብለህ ነበር የማልከው?" አለችኝ።

"በመካከላችን ምንም የለም ብዬ።"

"እውነት ነበር?"

"ስምል እውነት ነበር" አልኩ።

ለረጅም ጊዜ አየችኝ። ከዚያ እንደ ጅማ ልጅ፣ ትከሻ ለትከሻ ሳመችኝ፤ "እግዜር ያጽናህ ወንድሜ" አለችኝና ወጣች። በማግስቱ ማለዳ ሻንጣዋ ደረጃው ላይ እየተንኳኳ ሲወርድ ሰማሁ። ወጥቼ መሸከም ነበረብኝ ትል ይሆናል። ክርክሩ ገና አላለቀም ነበር፤ ማን ከየት እንደሚያይ አይታወቅም።

ከአንድ ዓመት በኋላ የማባዣው ክፍል ሠራተኛ ሲቀንስ ወደ ዙሪክ ሄድኩ። ቪዲኮን በሚባል ሰፈር ከአንድ ማተሚያ ቤት በላይ ክፍል ተከራየሁ፤ ሥራውም እዚያው ታች ነበር። አሁን ደግሞ ፔርሚ ሳይሆን አውስቫይስ፣ ቦንዡር ሳይሆን ግሩኤትሲ ማለት ተማርኩ። እዚያም በወር አንዴ በተዋስነው ቤተ ክርስቲያን ለቅዳሴ የምንሰበሰብ ጥቂት ሰዎች ነበርን፤ ከቅዳሴ በኋላም ቶሎ እንበታተናለን።

ባሏን ኦርሊኮን ጣቢያ ላይ አገኘሁት። ትራም ስጠብቅ ከጎኔ ቆመ። መጀመሪያ ያወቀኝ እሱ ነው።

"ጎረቤቱ" አለ።

ጥሎኝ ይሄዳል ብዬ ነበር። አልሄደም። ትራሙ መጣ፤ ሁለታችንም አልተሳፈርንም።

"አሸነፈችኝ" አለኝ። "ክሴን ዳኛው ጣሉት። ስሟ ሲጠራ ተነሥታ ስትቆም ብታያት!" እንደ መኩራት ያለ ነገር ድምፁ ውስጥ ነበር፤ የራሱ ነገር ይመስል። ደግሞም፣ "የማልክበትን ቃል አንብቤዋለሁ። ገና ሳነበው አምኜሃለሁ" አለ።

"ታዲያ ለምን ተከራከርክ?"

"ጠበቃዬ ማመን ሥራህ አይደለም አለኝ" አለ። ሊስቅ ሞክሮ ተወው። ብቻውን እንደሚኖር ሳልጠይቀው ነገረኝ። ቡና ልጋብዝህ አለኝ፤ ሥራ አለብኝ አልኩት። ሥራ አልነበረብኝም።

እሷ የደወለችልኝ ለእንቁጣጣሽ ነው። ቁጥሬን ከኮንሲየርዧ ወስዳ ነበር። "እንኳን አደረሰህ!" ስትል ያችው ደረጃ ላይ ያገኘኋት ሴት ነበረች። የሴቶች ትምህርት ቤት ውስጥ ሂሳብ ታስተምራለች። ክሱ ከወደቀ ከአንድ ዓመት በኋላ ራሷ የፍቺ ማመልከቻ አስገብታ፣ እሱም ተስማምቶ፣ ተፋትተዋል።

"ሊጥለኝ ሲፈልግ አልተጣልኩም" አለችኝ። "ሲበቃኝ ሄድኩ። ይለያያል አይደል?"

"ይለያያል" አልኳት። ና ትለኛለች ብዬ ጠበቅሁ። እሷም ምናልባት ልምጣ እስክላት ጠብቃ ይሆናል። እናቷ ታማ አብራት ነበረች፤ እኔም ከስደተኛ ወረቀት በቀር ፓስፖርት አልነበረኝም። ስለ ስልኩ ዋጋ ተጨንቀን ዘጋን።

ከዚያ በኋላ በየዓመቱ ለእንቁጣጣሽ ትደውል ነበር። በየዓመቱ ግን አማርኛዋ ያንስ ጀመር። አንድ ዓመት "ምን ነበር የሚባለው?" እያለች ቃል ትፈልጋለች፤ እኔም አቀብላታለሁ። በሚቀጥለው ዓመት ቁጥሮች ጠፉባት። በመጨረሻ፣ የደርግ ዘመን ሊያበቃ ሲል ይመስለኛል፣ ሰላምታውን በአማርኛ ብላ የቀረውን በእንግሊዝኛ አወራችኝ። ሁለታችን በእንግሊዝኛ አውርተን አናውቅም ነበር። ጥሩ እንግሊዝኛ ነው፤ የአስተማሪ እንግሊዝኛ፤ ጥንቅቅ ያለ። ስለ ተማሪዎቿ፣ ስለ ዝናቡ፣ ስለ ጤናዬ ጠየቀችኝ። እኔም በአግባቡ መለስኩ። ስልኩን ካስቀመጥኩ በኋላ ከማን ጋር እንዳወራሁ ለማስታወስ ትንሽ ጊዜ ወሰደብኝ።